የልጄ ክንፍ

ሱቁን ዘግቼ ደክሞኝ ስገባ የምሠራው ቶሎ የሚደርስ ነገር ነው። ዶሮ በስሱ እከትፍና ከእንጉዳይ ጋር እጠብሳለሁ። የማጣፍጥበትን ሶያ ሶስ እንግዳ የጠፋበት የላሊበላ ሆቴል ነው በርካሽ ያራገፈብኝ።

ዛሬ ቢላዬ ክንፉ ላይ ሲደርስ ቆመ።

ልጅ ሆኜ ሙጃ ከተማ ስንኖር፣ አባቴ ለሰሊጥ አጨዳ ወርዶ በቀረበት ዓመት፣ እናቴ ለፋሲካ ዶሮ ሠርታ የእሱን ድርሻ፣ ፈረሰኛውን፣ አስቀመጠች።

"እማ፣ እሱ እንደሆነ አይመጣ፤ ለእኔ ስጪኝ" አልኳት ምራቄን እየዋጥኩ።

"አንተ ክንፍህን ጋጥ። ድርሻው ከተበላ ቀረ ማለት ነው።"

ስስት መሰለኝ።

አሁን ፈረሰኛው የእኔ ነው፤ ከተፍኩት። ክንፉ ግን የልጄ ነው፤ በጅቡቲ አድርጌ ሳዑዲ እገባለሁ ብሎ ከወጣ ወዲህ ድምፁን አልሰማሁም።

ክንፉን ለብቻ አስቀምጬ፣ መጥበሻው ላይ እንጉዳይ ጨመርኩ።