ቤት የተሳሳተችው ወፍ

ልጄ ስልክ ላይ ካርቱን ከፍቶ ሲስቅ የመክፈቻውን ጥሩንባ ሰምቼ ካርቱኑን አወቅሁት። ወፍ የእንስሳት ሕፃናትን በጨርቅ ጠቅልላ ለየእናታቸው ታደርሳለች፤ ቤት ስትሳሳት የአንበሳ ደቦል ለበግ ትሰጣለች።

ልጅ ሳለሁ፣ ጭሮ ከተማ እያለን እናቴን ምጥ የያዛት ቀን፣ የአባቴ እህት አዳዳ ቪዲዮ ያላቸው ጎረቤቶች ጋ ወስዳ ይህንኑ አሳየችኝ። "ወንድምሽንም ወፏ ታመጣዋለች" አለችኝ። ስንመለስ እናቴ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዙራ ተኝታለች፤ ሕፃን የለም።

"የታል?"

አዳዳ እንባዋን በሻርፗ ጠረገች። "ቤት ተሳስታ ይሆናላ።"

በሳምንቱ ከአዳዳ ጋር ሌላ ጎረቤት አራስ ልንጠይቅ ሄድን። ቤቱ በቅቤ ታውዷል። ሕፃኑን ሳይ ዘልዬ እግሩን ያዝኩ።

"የኛ ነው! ወፏ ተሳስታ ነው፣ መልሱልን!"

ገንፎ የሚበሉት ሴቶች ማንኪያቸውን ይዘው ቀሩ። እኔ አዳዳን አየኋት፤ እሷ ታስረዳቸዋለች ብዬ።

ክንዴን ቆንጥጣ ወደ ሴቶቹ ዞረች። "ውይ በሞትኩት! ይቺን ልጅ ደግሞ ማን ነው እንዲህ ያላት?"

አዳዳ አሁን አርጅታ እኔው ቤት ናት። ከልጄ ጎን ተቀምጣ፣ ወፏ ቤት በተሳሳተች ቁጥር ከእሱ ብሳ ትስቃለች።