ድንጋይ ያላስቀመጡት ዋናተኞች

ባለፈው ሳምንት ጎረቤቴ ቤቱን ሊያድስ አንድ ገልባጭ መኪና አሸዋ ደጄ ላይ አስደፋ። አሸዋው ገና ከወንዝ የወጣ ነበርና የእርጥቡ ሽታ በመስኮት ሲገባ፣ ሰማንያን የተጠጋሁ ሴትዮ እንደ ሕፃን ደንግጬ፣ የምልጠውን ሽንኩርት አስቀምጬ ቆምኩ። ያ ሽታ ለእኔ የአንድ ቦታ ብቻ ነው፤ ከሰቆጣ ከተማ ግማሽ ሰዓት በእግር የሚያስኬደው የሐይቁ መናፈሻ።

ሐይቅ የምንለው ለክብሩ ያህል ነው እንጂ የጎንደር ሰው ቢያየው ኩሬ ብሎ ይስቅብን ነበር። ጣሊያን በቅሎዎቹን ያጠጣበት የነበረውን ይህን ውሃ፣ ጠላት ከወጣ በኋላ የመጡ አንድ አገረ ገዥ ሕዝብ ይናፈስበት ብለው ዙሪያውን በሽቦ አሳጠሩት፤ ባሕር ዛፍ አስተከሉ፤ አግዳሚ ወንበር አሠሩ፤ ከተከዜ ድረስ በአህያ አሸዋ አስጭነው ዳርቻውን አስነጠፉት። አባቶቻችን አሸዋውን ረገጥ ረገጥ አድርገው "ታዲያ ምን ይበቅልበታል?" ብለው ጠየቁ። ምንም እንደማይበቅልበት ሲነገራቸው እየተገረሙ ተመለሱ፤ እኛ ልጆቻቸው ግን ሳምንቱን ሙሉ ቅዳሜን ብቻ ነበር የምንጠብቀው።

የመናፈሻው ዘበኛ አያ ወልዱ የሚባሉ ረጅም፣ ቀጭን ሰው ነበሩ። ውሃ የሚገባ ሁሉ ከቤቱ ደጃፍ ያመጣትን አንዲት ድንጋይ በሩ አጠገብ ካለው ጠፍጣፋ አለት ላይ ያስቀምጣል፤ ሲወጣ ያነሣታል። አለቱ ባዶ ካልሆነ አያ ወልዱ በሩን አይዘጉም። ልማዱ የእሳቸው ፈጠራ አልነበረም፤ ተከዜን በዋና የሚሻገሩ ሰዎች ድሮም እንዲሁ ያደርጉ ነበር ይባላል። የማን ድንጋይ የቱ እንደሆነ ከተማው ሁሉ ያውቃል፤ የእኛ ደጃፍ ድንጋይ ጥቁር፣ የጓደኛዬ የትርንጎ ቤት ደግሞ ቀይ ነበር።

ውሃው እንግዳ ጠባይ ነበረው። ነፋስ በሌለበት ይናወጣል። በማለዳ ቀድመን ስንደርስ፣ ከውሃው ወጥቶ እዚያው የተመለሰ የባዶ እግር ዱካ አሸዋው ላይ እናገኛለን። አያ ወልዱ ዱካውን በቅጠል ይጠርጉና "እናንተ ልጆች፣ ያላያችሁትን አትጠይቁ" ይሉናል።

ትርንጎን እናትና አባቷ ሞተውባት ያሳደጓት አጎቷ መሪጌታ ናቸው፤ ያን ውሃ የነካሽ ዕለት ከቤቴ ውጪ ብለው ዝተውባት ነበር። አንድ ቅዳሜ እኔ አባብዬ ወሰድኳት። ቀድሜ ወጥቼ ፀጉሬን ስጨምቅ መሪጌታ በመንገዱ ሲመጡ አየሁ። "ዳር ያለው ቄጠማ ውስጥ ተደበቂ፤ ሲሄዱ እጠራሻለሁ" አልኳትና ሮጬ ድንጋዬን ሳነሣ የእሷንም አብሬ አንሥቼ መቀነቴ ውስጥ ሸጎጥኩ። መሪጌታ አለቱን አዩ፤ ቀይ ድንጋይ የለም፤ እግዚአብሔርን አመስግነው ተመለሱ። ወዲያው ሰማዩ ጠቁሮ በረዶ ወረደ። አያ ወልዱ "ውጡ! ውጡ!" እያሉ ያለውን ሁሉ አስወጡ፤ አለቱን በእጃቸው ዳሰሱ፤ ባዶ ሲሆንባቸው በሩን ዘጉ። እኔም ከሚሮጠው ጋር ሮጥኩ። ትርንጎ ትዝ ያለችኝ ቤት ደርሼ መቀነቴን ስፈታ ቀዩ ድንጋይ እግሬ ላይ ሲወድቅ ነው።

ያን ጊዜ መናገር ነበረብኝ፤ ፈራሁ። አባቴንም፣ መሪጌታንም፣ ውሃውንም ፈራሁና ድንጋዩን አመድ ውስጥ ቀበርኩት። ዝናቡ እስኪነጋ አላባራም።

ጠዋት ፈላጊዎች አሸዋው ላይ ተቀምጣ አገኟት። ያ ሁሉ ዝናብ ሲወርድ አድሮ ቀሚሷ ደረቅ ነበር። እናቴ አቅፋ ብትጠይቃት፣ ትርንጎ ረጋ ብላ "እነ አያ ወልዱ ከሄዱ በኋላ ብዙ ሰው ውሃው ገባ፤ አንዳቸውም ድንጋይ አላስቀመጡም" አለች። ዳርቻው በሙሉ በዱካ ተሞልቶ ነበር፤ የዚያን ቀን አያ ወልዱ አልጠረጉትም።

አያ ወልዱ ሰው ሳያዩ በር ዘጉ ተብለው ተባረሩ። "በማርያም! አለቱ ባዶ ነበር" እያሉ ቢምሉ ማን ይስማቸው፤ ጋቢያቸውን ተከናንበው ወደ ተከዜ ቆላ ወረዱ፣ ዓመት ሳይሞላቸውም መሞታቸው ተሰማ። ከዚያ ወዲያ መናፈሻውን የሚረግጥ ጠፋ። ሽቦው ተነቅሎ የየሰዉ ጓሮ አጥር ሆነ፤ ወንበሮቹ ተማገዱ፤ ውሃውም ደርቆ ዛሬ ማሽላ ይዘራበታል። አባቶቻችን ይህን አላዩም እንጂ ጥያቄያቸው መልስ አግኝቷል።

ትርንጎ ስለዚያች ቀን ትንፍሽ ሳትል ስድስት ዓመት አብራኝ ውሃ ቀዳች፣ አብራኝ እንጨት ለቀመች፤ እኔም አታውቅም ብዬ ልቤን አሳረፍኩ። ወደ አምደወርቅ የተዳረች ዕለት በቅሎዋ ላይ ተቀምጣ ልሰናበታት ስጠጋ ወደ ጆሮዬ አጎነበሰች።

"ሁለቱንም ስታነሺ ከቄጠማው ውስጥ ሆኜ አይቼሽ ነበር" አለችኝ። "አያ ወልዱ ሲባረሩ ትናገሪያለሽ ብዬ ጠበቅኩሽ። እስከ ዛሬም ጠበቅኩሽ።"

በቅሎዋ ተነዳች። ትርንጎም አፈር ከለበሰች ሰንብታለች። ይኸው አሁን ተናገርኩ፤ ይቅር የሚለኝ ሰው ግን አላስቀረሁም።