አሲድ የጠጣችው መኪና

አሳምነው ዕድሜውን ሱማሌ ተራ ባትሪ ሲጠግን ኖሮ፣ ልጁ ወስዳው ነው ስቶክሆልም የገባው። አልቢ በሚባለው ሰፈር እሷ ዘንድ እየኖረ፣ ሶልና በተባለ ሌላ ሰፈር የሚገኝ የአሮጌ መኪኖች መጋዘን ውስጥ ሥራ አገኘ። ጊዜያዊ ነበር፤ ቪካሪያት የሚሉት።

ከመኪኖቹ አንዷ በኤሌክትሪክ የምትሄድ ናት። በተሠራችበት ዘመን የቤንዚን መኪና የሚነሳው ከፊቱ ብረት እየተጠመዘዘ ነበር፤ ብረቱ ሲፈናጠር ክንድ ይሰብራል። እሷ ግን ያለ ድምፅ ትነሳለች። የመጋዘኑ ባለቤት ወይዘሮ ኢንግሪድ ናቸው፤ እናታቸው ነድተዋታል።

በ1997 ጸደይ ወይዘሮ ኢንግሪድ መጋዘኑን ሊዘጉ ወሰኑ። አንድ ሙዚየም በራሷ ኃይል ከሄደች መኪናዋን ከጠባቂዋ ከአሳምነው ጋር ሊወስድ ተስማማ። ካልሄደች ጀርመን ላለ የአሮጌ መኪና ሰብሳቢ ትሸጣለች፤ አሳምነውም ሥራ ፈት ይሆናል። ባትሪዎቹ ደክመዋል፤ በልኳ የሚሠራላት ፋብሪካ ከተዘጋ ቆይቷል።

የሙዚየሙ ሰው ሊፈትሻት ከሚመጣበት ቀን ዋዜማ፣ የወሎው ልጅ የጽዳት ሠራተኛው ዘይኑዲን መጥረጊያውን ተደግፎ ቆመ።

«ጋሼ፣ ይቺ ቤንዚን የማትቀምስ እንዴት ያለች ጾመኛ ናት? ለሁዳዴም ለረመዳንም ትሆናለች።»

«ዛሬ ትፈስካለች» አለ አሳምነው፣ የአሲዱን ጀሪካን እየከፈተ።

«ሴትዮዋ የተጣራ ውሃ ብቻ ነው የሚጨመር አላሉም?»

«ውሃ የሞተ አያስነሳም።»

«አንቱ ያስነሱት ስንት ቀን ቆየ?»

አሳምነው አሲዱን ባትሪዎቹ ውስጥ ማንቆርቆር ጀመረ። ሱማሌ ተራ አሲድ የተጨመረበት ባትሪ ሻጭና ገዢ እስኪለያዩ ቢቆይ ይበቃል። ከዚያ አሲዱ ውስጡን ይበላዋል። ለእሱም የነገዋ ቀን ብቻ ትበቃው ነበር።

በማግስቱ ጠዋት መኪናዋ ግቢውን እንደ ወጣት ዞረችው። ዘይኑዲን አፏጨ። ወዲያው ስልክ ተደወለ፤ የሙዚየሙ ሰው ታሞ ኖሮ ፍተሻው ለሳምንታት ተላለፈ። አሳምነው ያደረገውን ሊናገር እስከ ወይዘሮ ኢንግሪድ ቢሮ በር ሄዶ ተመለሰ። በየቀኑ ቻርጅ ያደርጋታል፤ በየቀኑ ጉልበቷ ይቀንሳል።

ሰውዬው በመጣ ቀን ወይዘሮ ኢንግሪድ በእናታቸው ቦታ ተቀመጡ። መኪናዋ ከበሩ እንኳ ሳትወጣ ቆመች። ሰውዬው የባትሪውን ክዳን ከፍቶ፣ ወደ ታች የረገፈውን ቡናማ ጭቃ አየ።

«አሲድ ማን ጨመረ?»

«እኔ» አለ አሳምነው።

ወይዘሮ ኢንግሪድ አልተቆጡም። ኮታቸውን ቆልፈው ወደ ቢሯቸው ገቡ።

የጀርመኑ ጭነት መኪና ሲመጣ አሳምነውና ዘይኑዲን ገፍተው ጫኗት። ዘይኑዲን አልቀለደም። ባትሪዎቹ ስለወጡላት ለመግፋት ቀላል ነበረች።