ማሬክ የሳቀበት ፊልም

ባለፈው ሳምንት ወደ ሮግስቬድ ሰፈር በሚሄደው የምድር ውስጥ ባቡር ውስጥ ሁለት ፖላንዳውያን ግንበኞች ከፊቴ ተቀምጠው በስልክ ፊልም ያዩ ነበር። የቆዳ ጃኬት የለበሰ ወሮበላ ይጮኻል፤ እነሱ ይስቃሉ። ቋንቋውን አልችልም፤ ሳቁ ግን ማሬክን አስታወሰኝ።

በፈረንጆቹ ዘጠናዎቹ አጋማሽ ነው። ገና ወጣት ነበርኩ፤ ከደሴ ወደ ስዊድን ከመጣሁ ብዙም አልቆየሁም። ከማሬክ ሚስት ከዳኑታ ጋር በአንድ የአረጋውያን መኖሪያ ወጥ ቤት እንሠራ ነበር። አንድ የመስከረም እሑድ ቤቷ ጠራችኝ። ከጫካ የለቀመችውን እንጉዳይ በሊጥ ጠቅልላ ቀቅላ፣ ቅቤና የተጠበሰ ሽንኩርት አድርጋ አቀረበችልኝ። አሳማ እንደማልበላ ስለምታውቅ ድስቱን ሳይቀር ለይታልኛለች። እንዲህ ያለ ነገር አይረሳም።

ከምሳ በኋላ ማሬክ ከዋርሶ የመጣለትን የቪዲዮ ካሴት ከተተ። አስቂኝ የወሮበሎች ፊልም ነው፤ እሱ በስዊድንኛ ይተረጉምልኛል። የወሮበሎቹ አለቃ ትናንት የመንግሥት ሰላይ የነበረ፣ ዛሬ በመርሰዲስ የሚንፈላሰስ ሰው ነው። ፖሊሱም ይፈራዋል።

«ኮሚኒዝም ሲወድቅ ሁላችንም ነጋዴ ሆንን» አለኝ ማሬክ እየሳቀ። «ሌባውም ጭምር!»

እሱ ራሱ የበረዶው ወራት እንዳለፈ ዋርሶ ተመልሶ ጋራዥ ሊከፍት አስቦ ነበር። ዳኑታ አልፈለገችም። በዚህ ጉዳይ ስንት ጊዜ እንደተኳረፉ ሥራ ቦታ አጫውታኛለች።

ፊልሙ ውስጥ ወሮበሎቹ ገንዘብ ሊቀበሉ አንድ ጋራዥ ገቡ። ባለቤቱ ጎንበስ ቀና እያለ ሻይ ቀዳላቸው። ማሬክ እንባው እስኪፈስ ሳቀ። ዳኑታ ተነስታ ቴሌቪዥኑን አጠፋችው።

«ምን ሆንሽ? ፊልም እኮ ነው!»

«ማሬክ፣ ያ ሰውዬ አንተ ነህ» አለችው በስዊድንኛ፤ እኔም እንድሰማ ይመስለኛል።

ማሬክ ዓይኑን ጠረገ። «አውቃለሁ» አለ ቀስ ብሎ። «እዚህ ግን ሰው ሲቀልድ የምስቀው፣ ሌሎቹ ሲስቁ አይቼ ነው።»

ሳህኖቹን ማንሳት ጀመርኩ።

በረዶው እንደቀለጠ ብቻውን ሄደ። ጋራዡን በከፈተ በጥቂት ወራት ውስጥ እንደ ፊልሙ ያሉ ወሮበሎች ገንዘብ ሊቀበሉ መጡበት። ዳኑታ ድንች እየላጠች ነገረችኝ።

«ደውሎ ነበር። አንዳቸውም አያስቁም አለኝ።»

«ታዲያ ተመለስ አላልሽውም?»

«አላልኩትም። እኔ ልሄድ ነው። ብቻውን እየፈራ እንዲኖር አልፈልግም።»

ያን ሰሞን ሥራዋን ለቃ ሄደች።

ያኔ የተሸነፈች መስሎኝ አዝኜላት ነበር። አሁን እንደዚያ አላስብም። ሁለቱም የሚሄዱበትን አገር አሳምረው ያውቁታል፤ አውቀው ሄዱ። እኔም አውቄ እዚሁ ቀረሁ፤ አይቆጨኝም። አንዳንድ ቀን ብቻ ልጆቼ በስዊድንኛ ሲያወሩ ቆይተው ድንገት በሳቅ ይፈርሳሉ፤ እኔም አጠገባቸው ተቀምጬ ምን እንዳሳቃቸው እጠይቃለሁ።