የአሥር አለቃ ተፈራ ሐውልት

ቅዳሜ ጠዋት፣ ከስድስት ኪሎ

ዩኒቨርሲቲ ውስጥ የሥነ ጥበብ ታሪክ አስተምራለሁ፤ ጥናቴ በእንግሊዝ አብያተ ክርስቲያናት መቃብሮች ላይ ስላሉ የድንጋይ ሐውልቶች ነው። ይህ እውቀት ለአዲስ አበባ ሰው ይጠቅማል ብዬ አስቤ አላውቅም። የልጅነት ጎረቤቴ እትዬ አስካለ ግን ሰው ልከው አስጠሩኝ። ለሟች ባለቤታቸው፣ ለትራፊክ ፖሊሱ ለአሥር አለቃ ተፈራ ሐውልት አሠርተዋል፤ የሰፈሩ ሰበካ ጉባኤ ደግሞ መቃብሩ ላይ እንዲቆም አልፈቀደም። ፎቶግራፎቼን ይዤ ተነሣሁ።

በለገሃር በኩል

ለገሃር ላይ የሳሪስ ታክሲ ያዝኩ። ዝናቡ አላባራም፤ ከጎተራ በኋላ መንገዱ ጭቃ ብቻ ነበር። ወያላው "ጠጋ ጠጋ በሉ" እያለ በሦስት ሰው ቦታ አራት አስቀመጠን። ነፋስ ስልክ ስወርድ ጫማዬ የማን እንደሆነ ለእኔም አልታወቀኝም።

እትዬ አስካለ ቤት

ሐውልቱ ግቢው ውስጥ ላስቲክ ለብሶ ቆሟል። ሲሚንቶ ነው፤ ሙሉ ቁመና፣ ቆብና ቀበቶ ሳይቀር። አፍንጫው ትንሽ በዛ እንጂ ሰውየውን ይመስላል። ምሳ ሽሮ ቀረበ። የሰበካ ጉባኤው ሊቀ መንበር አቶ ደምሴም ተጠርተው ነበር።

"ምእመናን ከበር ጀምረው ይሳለማሉ፤ ፊት ለፊት ሰው ቆሞ ካገኙ ለማን ነው የሚሰግዱት?" አሉ።

ፎቶዎቹን ጠረጴዛው ላይ ደረደርኩ። እንግሊዞቹ ባላባቶቻቸውን ቤተ ክርስቲያን ውስጥ በጀርባቸው አጋድመዋቸዋል።

"ልብሳቸውን እዩት" አልኩ። "እጥፋቱ ወደ እግራቸው ነው የሚወርደው። ቆመው ተቀርጸው ነው የተጋደሙት። የአሥር አለቃንም እንዲሁ ማድረግ ይቻላል።"

በዚህች ነጥብ ላይ ዓመታት ጽፌያለሁ።

አቶ ደምሴ አሰቡበት። "ለተኛ ሰው ማንም አይሰግድም። በዚህስ እንስማማለን፣ መምህር።"

ደስ አለኝ። ጥናቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ለሰው ጠቀመ።

እትዬ አስካለ ግን ፎቶዎቹን ወደ እኔ መልሰው ገፉ።

"ሦስት ዓመት አልጋ ላይ ነው ያስታመምኩት። በኋላማ ብቻውን መገላበጥም አቅቶት ነበር። ሐውልት ያሠራሁት ቆሞ ላየው ነው፣ ልጄ። መልሼ ላስተኛው?"

ፎቶዎቹን ሰበሰብኩ። እትዬ አስካለ ራሳቸው ቆረጡት፤ መቃብሩ ላይ መስቀል ብቻ ይደረግ፣ ሐውልቱ እዚሁ ይቁም አሉ።

"በቤትዎ ማን ይከለክልዎታል" አሉ አቶ ደምሴ። ወጥተውም ላስቲኩን አነሡለት።

አመሻሽ፣ ስድስት ኪሎ

እቤቴ ገብቼ ፎቶዎቹን አንድ በአንድ እያየሁ ወደ ቦታቸው መለስኩ። ባላባቶቹን ማን ቀረጻቸው፣ ድንጋዩ ከየት መጣ፣ ማን ከፈለ ቢሉኝ እመልሳለሁ። እነሱንም እያንዳንዳቸውን ያስታመመች ሴት ሳትኖር አትቀርም። ይጋደሙ ሲባል እሷን የጠየቃት ሰው ይኑር አይኑር ግን አላውቅም።