ክፉ አማት ሆኜ የሠራሁባቸው ዓመታት

የመጀመሪያው የትወና ቀኔ ለቅሶ ነበር። እንጅባራ በአንድ መሥሪያ ቤት ጸሐፊ ነበርኩ፤ የከተማው ዩኒቨርሲቲ ገና በግንባታ ላይ ነበር። ከባሕር ዳር የመጡ ወጣቶች ለፊልም የቀብር ትዕይንት ሃያ ሴት ይፈልጋሉ ሲባል ሰምቼ፣ ቅዳሜ ጠዋት ዘንገና ሐይቅ ዳር ተገኘሁ።

ረዳት ዳይሬክተሩ አሰለፈንና ካሜራውን እንዳናይ፣ «አክሽን» ሲባል እንድናለቅስ፣ «ካት» ሲባል እንድናቆም ነገረን። ማልቀሱ አልከበደንም፤ ማቆሙ ነው የከበደን። በመንገዱ የሚያልፍ ሚኒባስ ቆመና ተሳፋሪዎቹ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ተቀላቀሉን። አንድ አዛውንት ማን እንደሞተ በአዊኛ ጠየቁኝ። ፊልም መሆኑን ስነግራቸው፣ ከወረዱ አይቀር ብለው ለቅሷቸውን ጨርሰው ሄዱ። ዳይሬክተሩም ካሜራውን ሳያስቆም ሁሉንም ቀረጸ።

በዚህ ሙያ ከታች ያለው አጃቢ ነው፤ አይናገርም። ከእሱ በላይ አንድ ዐረፍተ ነገር የሚሰጠው አለ። ከዚያ ረዳት ተዋናይ፣ ከዚያ ዋናው። እኔ ሦስት ዓመት አጃቢ ሆንኩ። የክሊኒክ ታካሚ፣ የፍርድ ቤት ታዛቢ፣ የሠርግ ታዳሚ ሆኛለሁ። አንድ ጊዜ ሬሳ ሆኜ አስነጥሼ ቀረጻ አበላሽቻለሁ።

ረዳት ተዋናይ የሆንኩት በአንድ ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ ነው። ድርሻዬ የምራቷን ወጥ ተደብቃ በጨው የምታበላሽ አማት ነበር። ጨዉን ልጨምር ስል ሳላስበው አማተብኩ። ዳይሬክተሩ አስቆመን።

«እትዬ የሺ፣ ይህቺ ሴት እኮ ለምዳዋለች» አለኝ። «እያንጎራጎሩ ይጨምሩበት።»

እያንጎራጎርኩ ጨመርኩበት። እኔን በሰው ዘንድ ያስጠላኝ ያ ማንጎራጎር ነው።

ድራማው ሲተላለፍ ከተማው ተለወጠብኝ። የባጃጅ ሾፌሮች በመስታወት እያዩኝ ይስቃሉ። ባለሱቁ ጨው ስጠይቀው «ደግሞ ለማን ነው?» ይለኛል። በኋላ ጨው የሚገዛልኝ ልጄ አንዱዓለም ሆነ።

በዚያው ሰሞን አንዱዓለም ትርንጎ የምትባል የዳንግላ ልጅ ሊያገባ ፈለገ። ሦስት ሽማግሌዎች ላክን። እናቱ ጨዋ ናቸው ብለው ሲጀምሩ፣ የልጅቷ እናት ወይዘሮ አለሚቱ «ጨዋነታቸውንማ በቴሌቪዥን አይተናል» አሉ። ሽማግሌዎቹ ድራማ እኮ ነው ቢሉ፣ ሴትዮዋ ካልለመደች በስተቀር ጨው ስትበትን አታንጎራጉርም ብለው መለሷቸው። ሽማግሌዎቹ ይህንን ሲነግሩኝ አንደኛው ሳቁን መቆጣጠር አቅቶት ወደ ውጭ ወጣ።

አንዱዓለም ሦስት ቀን አላናገረኝም። በአራተኛው ቀን «ሌላ ሥራ አልነበረሽም?» አለኝ። ያን ጊዜ ነገሩ ቀልድ እንዳልሆነ ገባኝ።

የወንድ እናት ለልጇ ሚስት ለመጠየቅ ለብቻዋ አትሄድም። እኔ ግን በማግስቱ ሚኒባስ ተሳፍሬ ዳንግላ ወረድኩ። ወይዘሮ አለሚቱ በሩ ላይ ሲያዩኝ ደነገጡ፤ ደጅ የመጣን እንግዳ መመለስ ነውር ነውና አስገቡኝ። ምሳ ቀረበ፤ የምስር ወጥ። ስጎርስ ጨው የሚባል ነገር የለውም። ደግሜ ጎረስኩ።

«ጣመዎት?» አሉኝ ዐይን ዐይኔን እያዩ።

ጣመኝ ልል አሰብኩ። ደግሞ ስትዋሽ ያዝኳት ይሉኛል ብዬ ፈራሁ።

«ሞያዎ ያስታውቃል፤ ጨው ግን የለውም» አልኳቸው።

አንገታቸውን ደፉ። እርስዎን በሩ ላይ ሳይ ደንግጬ ጨዉን በጓሮ በኩል ጎረቤት ላክሁት፣ ወጡ ግን ገና ሳይጨመርበት ቀርቶ ነው አሉ። መጀመሪያ የሳቅኩት እኔ ነኝ። ከዚያ ስለ ቀረጻው ሁሉንም ነገርኳቸው፤ እንዳማተብኩ፣ ማንጎራጎሩ የዳይሬክተሩ ትእዛዝ እንደነበር፣ የምራቴን ድርሻ የምትሠራዋ ልጅ ያን ወጥ ስትቀምስ ውኃ ይዤላት እንደሮጥኩ። ማማተቤን ሲሰሙ እሳቸውም ሳቁ።

ትርንጎን ጨዉን እንድታመጣ ላኳት። ስትመለስ ግን ዕቃውን ለእኔ ሰጡኝ።

«እርስዎ ይጨምሩበት» አሉ።

ዕቃውን ተቀብዬ ከፈትኩ። በብዙ ካሜራ ፊት እንኳ እንዲህ ፈርቼ አላውቅም። ቆንጥሬ ጨመርኩ፣ አማሰልኩ። ወይዘሮ አለሚቱ ቀመሱ፤ ቆይተው ለትርንጎም አጎረሷት።

«ሽማግሌዎቹ ለእሑድ ይምጡ» አሉኝ።

ለጀማሪዎች የምለው ይህን ነው። ክፉ ሰው ስትሠሩ ግማሽ ክፉ አትሁኑ፤ ተመልካቹ ከልቡ ይጥላችሁ። ቀረጻው ሲያልቅ ደግሞ ቤት አትደበቁ፤ ወጥታችሁ ከሰው ጋር ብሉ። የማያውቃችሁ ሰው የሚፈርድባችሁ በቴሌቪዥን ባየው ነው።