ቡፌው ወደ ምዕራብ ሲሄድ

ባሌ እምቢ ማለት አይችልም። ይህን ሳላውቅ አላገባሁትም፤ እንዲያውም በእጮኝነታችን ጊዜ ደስ ይለኝ ነበር፣ ያኔ እሺ የሚለው እኔን ብቻ ነበርና። ቶሮንቶ ከገባን በኋላ ግን ከዌስተን እስከ ጄን ኤንድ ፊንች ያለ ሐበሻ ሁሉ ከእሺታው ድርሻውን ወሰደ። ለእኔ የተረፈኝ ጨጓራ ነው።

ባለፈው ሰመር በምዕራብ ካናዳ ወዳለችው ኤድመንተን ልንዛወር ወሰንን። ምክንያታችን የሌላውም ሰው ምክንያት ነው፤ እዚህ ተከራይተን የምንጣበብባትን የምታህል ቤት እዚያ ሰው ይገዛል ይባላል። ባሌ ቀድሞ ሄዶ ሥራ አገኘ፣ ለጊዜው የምንገባበትንም ቤት ተከራይቶ ተመለሰ። እኔ ደግሞ ተስፋዬን ሁሉ የጣልኩት በልብስ ስፌት መኪናዬ ላይ ነበር።

መኪናዬ የቤት ውስጥ ዓይነት አይደለችም። ኖርዝ ዮርክ የነበረ አንድ የልብስ ፋብሪካ ሲዘጋ የገዛኋት፣ ከነጠረጴዛዋና ከነሞተሯ ለሁለት ወንድ የምትከብድ ናት። ጂንስ ሰጧት ቆዳ ሰጧት አታማርጥም። ስንት ዓመት በሰው ሱቅ የሰው ሱሪ ሳሳጥር፣ አለቃ ሲቆጣኝ፣ ፈረቃዬ ሲቀነስ፣ ቤት ገብቼ እሷን ሳያት ልቤ ይረጋ ነበር። ኤድመንተን ስንገባ ሳሎኑ መስኮት ሥር አቁሜያት በራሴ ስም ልሠራባት ቆርጫለሁ። ባሌም ቤቱን ሲከራይ መስኮቱ ሥር ያለውን ቦታ በሜትር ለክቶ፣ «ልክክ ትላለች» ብሎ አብሥሮኝ ነበር።

በዚያን ጊዜ የምሠራው በከተማዋ ሰሜን በኩል ባለ፣ የድሮ ሰፋሪዎችን ኑሮ በሚያሳይ ትንሽ ሙዚየም ነው። አስጎብኚዎቹ የሚለብሱትን የድሮ ቀሚስና ሱሪ እሰፋለሁ፣ የተቀደደውን እጠግናለሁ። በዚያ ሰመር ሙዚየሙ ስለ ምዕራብ ተጓዦች የተለየ ዝግጅት ነበረው። በአሥራ ዘጠነኛው ክፍለ ዘመን አሜሪካ ውስጥ ብዙ ቤተሰቦች ንብረታቸውን በበሬ በሚጎተት ጋሪ ላይ ጭነው፣ መሬት ፍለጋ ሜዳውንና ተራራውን አቋርጠው ወራት ሙሉ ወደ ምዕራብ የተጓዙበት መንገድ አለ። ለዕይታ ከሚቆሙት ጋሪዎች የአንዱን የሸራ ክዳን እንድሰፋ እኔ ታዘዝኩ።

የሙዚየሙ ስፌት መኪና ሸራውን አልችል ስላለች ወደ ቤት ወሰድኩት። ሳሎናችን ሸራ ብቻ ሆነ፤ ባሌ ራቱን ሶፋው ጥግ ላይ ተኮራምቶ ይበላ ነበር። የእኔ መኪና ግን ያን ወፍራም ሸራ እንደ ነጠላ ጫፍ ነው የዘመዘመችው። ክዳኑ በጋሪው ቅስቶች ላይ ሲወጠር ቆሜ አየሁት፣ ኮራሁም። እዚህ አገር ከመጣሁ ወዲህ በእጄ ሥራ እንደዚያ የኮራሁበት ቀን ትዝ አይለኝም።

ጋሪውን የሚያስጎበኙት ጡረታ የወጡ አንድ ሽማግሌ ነበሩ። ገመዶቹን እያጠበቅሁ ለተማሪዎች የሚናገሩትን እሰማለሁ። ሰው ጋሪው ላይ ተቀምጦ የሄደ ይመስላችኋል አይደል፣ ይላሉ፤ አልነበረም፤ ጋሪው የዕቃ ነው፣ ሰው በጎን በእግሩ ይሄዳል። ዳገት ሲመጣ በሬዎቹ ይደክማሉ፣ ያኔ መጣል ይጀመራል። መጀመሪያ የብረት ምድጃው፣ ከዚያ ቁምሳጥኑ፣ ከዚያ ከእናት የተወረሰው ባለ መሳቢያ ሣጥን። መንገዱ ግራና ቀኝ በቤት ዕቃ ተሞልቶ ነበር፤ የጋሪዎቹ ጎማ ድንጋይ ላይ ያወጣው ቦይ እስከ ዛሬ የሚታይበት ቦታ አለ። መሬቱም ባዶ አልነበረም፣ ባለቤቶች ነበሩት፣ ብለው ይጨምራሉ፤ ልጆቹ ግን በዚህ ጊዜ ዓይናቸው ጨዋታው ላይ ነው።

ጨዋታው ይህ ነው፦ የዕቃ ሥዕል ያለባቸውን እንጨቶች ትንሽ ጋሪ ላይ መጫን። ከጋሪው ሥር ሚዛን አለ፤ ከበዛ ቀይ መብራት ይበራል፣ ልጆቹም መርጠው ያወርዳሉ። ጨካኞች ናቸው። የሕፃን አልጋውን፣ ሰዓቱን፣ የአያቲቱን ወንበር እየሳቁ ነው የሚወረውሩት። ባሌን አምጥቼ በእነሱ ባሠለጠንኩት ስል ተመኝቻለሁ።

ጉዱ የፈላው ባሌ የዕቃ ማጓጓዣ ትራክ መከራየቱን ለአንድ ሰው በነገረ ጊዜ ነው። ለአንድ ሰው! በእኛ ዘንድ መንገደኛ ማለት ባዶ ቦታ ማለት ነው። አዲስ አበባ ስንሄድ እናውቀዋለን፤ የሻንጣችን ግማሽ የሰው መድኃኒት፣ የሰው ጫማ፣ የሰው ሞባይል ነው። እዚያ ግን አንድ ደግ ነገር አለ፦ የአየር መንገዱ ሚዛን። ኪሎው ሲያልፍ እምቢ የሚልልን እሱ ነው፣ ማንም ማንንም ሳይቀየም ዕቃው ይመለሳል። ትራክ ሚዛን የለውም።

ስልክ መደወል ጀመረ። አንዱ የክረምት ጎማ፣ አንዱ የሕፃን አልጋ፣ አንዷ በርበሬና ሽሮ በባልዲ። ካልጋሪ ላለ ወንድሙ ቴሌቪዥን የሚልክም ተገኘ፤ «መንገድህ ላይ እኮ ነው» አለ። መንገዳችን ላይ አይደለም። ባሌ ግን ስልኩን በትከሻው ይዞ «ኧረ ኖ ፕሮብሌም!» ሲል እሰማለሁ፣ እኔ ሰሃን በጋዜጣ እየጠቀለልኩ ጥርሴን እነክሳለሁ።

በመጨረሻ እማማ ደወሉ። እማማ እዚያው ዌስተን ሕንፃችን ውስጥ ከእኛ በላይ ይኖሩ የነበሩ ባልቴት ናቸው። በወሩ መጨረሻ ወደ አረጋውያን መኖሪያ፣ ወደ አንዲት ክፍል ሊዛወሩ ነበር።

«ልጄ፣ ኤድመንተን ላለችው ለሴት ልጄ ቡፌዬን ታደርስልኛለህ?» አሉት።

«ምን ችግር አለው እማማ! ትራኩ ሰፊ ነው፣ እርስዎ ብቻ ይዘዙ!»

ቡፌውን ታውቁታላችሁ፤ ባታውቁትም አይታችሁታል። ባለ መስታወት፣ ጥቁር እንጨት፣ ግድግዳ የሚሞላ፣ ውስጡ ማንም የማይጠጣበት ብርጭቆ የሚደረደርበት። ባሌ ስልኩን ሲዘጋ ደሜ ፈልቶ ጠበቅሁት።

«ለካኸው?»

«ምኑን?»

«ቡፌውን ነዋ! መኪናዬ በየት ልትገባ ነው?»

«አንቺ ደሞ። ስፔስ አይጠፋም፣ እኔ አብቃቅቼ አስገባዋለሁ።»

«ደውልና አልቻልንም በላቸው።»

«እማማን?» ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ያን ክረምት የተኛንበትን ብርድ ልብስ ማን እንደሰጠን ረሳሽው?»

አልረሳሁትም። እንደመጣን ፍራሽ መሬት ላይ ዘርግተን ስንተኛ፣ ብርድ ልብስና ድስት ይዘው የወረዱት እሳቸው ናቸው። የሚያናድደውም ይሄው ነው፤ የምትቆጪበት ሰው ክፉ ቢሆን እንዴት ይቀል ነበር። ወደ ሰሃኖቼ ተመለስኩ።

በምንጭንበት ቀን ጠዋት እኔ አሁንም እሰፋ ነበር። ልጆች ጋሪው ላይ ተንጠላጥለው ሸራውን ቀደውት፣ ከሰዓት በፊት ተጠግኖ እንዲደርስ ሙዚየሙ ለምኖኛል። ስለዚህ መኪናዬ በመጨረሻ እንድትወርድ ተስማማን። እስከዚያው የሰው ዕቃ መጣ። ሲመጣም በጊዜ ነው፤ ለሌላ ነገር የሚያረፍድ ሐበሻ ሁሉ ያን ቀን በማለዳ ተገኘ። ቡፌው ከባድ ስለሆነ ወደ ትራኩ ውስጥ፣ እስከ ጥግ ድረስ ተገፋ፣ ሌላው ሁሉ በላዩና በፊቱ ተቆለለ።

መኪናዬን በአሳንሰር አውርደን ትራኩ ጋ ስንደርስ ቦታ አልነበረም። ጠረጴዛዋን አዞርን፣ አጋደምን፣ ሞተሯን ፈታን። ከበሩ ውጭ ትቀራለች። «አውርድ!» አልኩት። «ይህን ሁሉ አውርድና ቡፌውን አውጣ!» ባሌ ላቡን እየጠረገ ሰዓቱን አየ። ሕንፃውን የሚቆጣጠረው ሱፐር፣ አሳንሰሩን የያዝንበት ጊዜ አልፏል፣ ሌላ ተከራይ እየጠበቀ ነው እያለ ይጮሃል። ቁልፉን ማስረከብ አለብን።

«ስሚኝ» አለኝ ባሌ። «አንቺ ለማንኛውም እዚህ ትቆያለሽ። ማታ ጓደኛዬ በቫን እኅትሽ ጋ ያደርሳታል፣ ኮል አደርገዋለሁ። ከዚያ ወደ ኤድመንተን የሚሄድ ሰው አይጠፋም።»

እውነት ነው፣ ዝግጅቱ እስኪያልቅ እኅቴ ጋ ልቆይ፣ ከዚያ በአውሮፕላን ልከተለው ነበር። ግን የሰማሁትን ማመን አቃተኝ። ለሰው ዕቃ የራሳችንን ትተን፣ ለራሳችን ደግሞ ሰው ልንለምን! ተሳደብኩ፤ ምን እንዳልኩ አልጽፈውም። እሱ አንገቱን ደፍቶ የትራኩን በር ዘጋ።

ሱፐሩ ማራገፊያው ላይ ዕቃ ማቆም አይቻልም ስላለ መኪናዬን ከሕንፃው ውጭ፣ የእግረኛው መንገድ ዳር ግድግዳውን አስደግፈን አቆምናት። በእንግሊዝኛ «ባለቤት አለው፣ አትውሰዱ» ብዬ ወረቀት ለጠፍኩባት። ሸራውን ታቅፌ አውቶቡስ ተሳፈርኩ። የድሮው ጋሪ ክዳን ከሰዓት በፊት መድረስ ነበረበትና።

ማታ ከባለ ቫኑ ጋር ስመለስ ወረቀቱ ብቻ ነበር የቀረው። በዚህ ከተማ መንገድ ዳር የወጣ ዕቃ ላለፈ ላገደመ ነው፤ እኔ ራሴ የመጀመሪያ ወንበራችንን ያገኘሁት እንደዚያ ነው። ሱፐሩን ጠየቅሁ፣ ጎረቤቱን ጠየቅሁ፣ በየሕንፃው ደጃፍ ማስታወቂያ ለጠፍኩ። አጨብጭቤ ቀረሁ። እዚያው የመንገዱ ጠርዝ ላይ ቁጭ ብዬ አለቀስኩ፤ በሐዘን አይደለም፣ በንዴት ነው።

ለባሌ ስነግረው ከኦንታሪዮ ክፍለ ግዛት እንኳ አልወጣም ነበር። «ሌላ እንገዛለን» አለ። ስልኩን ጆሮው ላይ ዘጋሁበት።

በማግስቱ ሽማግሌው አስጎብኚ ስለተጣሉት ቁምሳጥኖች ሲያወሩ ሥራ መሥራት አቃተኝ። ልጆቹ እስኪሄዱ ጠብቄ፣ የሰው ዕቃ ጭኖ የራሱን የጣለ ተጓዥ ነበረ ወይ ብዬ ጠየቅኋቸው። የቀለድኩ መስሏቸው ሳቁ። እንዲህ ዓይነት ሞኝ ሰምተው እንደማያውቁ ነገሩኝ።

ከጥቂት ቀናት በኋላ ባሌ ከኤድመንተን ደወለ። ድምፁ ሲለሰልስ አንድ ነገር እንዳለ አውቃለሁ።

«ቡፌውን አደረስክ?»

«ልጅቷ ጋ ወስጄው ነበር። ቤቷ ቦታ የለውም።»

«አላወቀችም ነበር እንዴ?»

«ታውቃለች። ግን እናቷን ማሳዘን ስለከበዳት እሺ ብላ ነው። እናንተ ጋ ይሁን አለችኝ።»

«አንተስ ምን አልካት?»

«ምን ልበላት ብለሽ…» ብሎ ጀመረ።

«እሺ አልክ። እሺ አልካት! የት አቆምከው?»

ስለ መንገዱ ማውራት ጀመረ።

«የት ነው ያቆምከው?»

«መስኮቱ ሥር» አለ። «ልክክ ብሏል።»

ያን ቀን ወሰንኩ። በዚህ ሰንሰለት ውስጥ አንድ ሰው እንኳ እውነቱን መናገር አለበት፣ እኔ እናገራለሁ። በሳምንቱ እማማን አዲሱ ክፍላቸው ልጠይቃቸው ሄድኩ። አንድ አልጋ፣ አንድ ወንበር፣ ግድግዳው ላይ የባለቤታቸው ፎቶ። ወንበሩን ለእኔ ሰጥተው እሳቸው አልጋው ላይ ተቀመጡ። በአውቶቡስ ስመጣ ያዘጋጀሁትን ንግግር ሁሉ ረሳሁት።

«ቡፌዬ ደረሰ?» አሉኝ።

«ደርሷል እማማ። ግን ልጅዎ አልፈለገችውም። እኛ ቤት ነው ያለው። ለእሱ ቦታ ስንል የስፌት መኪናዬ ውጭ ቀረች። ከመንገድ ዳር ወሰዱብኝ።»

ሁለት እጃቸውን አፋቸው ላይ አደረጉ። «የኔ ልጅ! ያቺን መኪና? ምነው ሳትነግሩኝ! ‹ትራኩ ሰፊ ነው› አላለኝም?»

«እምቢ ማለት ከብዶት ነው።»

ነጠላቸውን አሻሹ። ከዚያ ልጃቸው በስልክ እሺ ስትላቸው እንደማትፈልገው ከድምጿ አውቀው እንደነበር ነገሩኝ። ያን ጊዜ የታመቀው ንዴቴ ሁሉ ተነሣ።

«ካወቁ ታዲያ ለምን ላኩት?»

ቀና ብለው አዩኝ። በዓይናቸው ቁጣም ሀፍረትም አልነበረም፣ ጥያቄዬ ገርሟቸው ነበር።

«ታዲያ እንዴት ላድርግ ልጄ» አሉኝ፣ «መንገድ ዳር ልጣለው?»